የፈረመው እጅና የጠፋው ዕቃ

(የመግቢያ ሙዚቃ ከፍ ብሎ ተሰምቶ ዝቅ ይላል)

ሰቆጣ ከተማ ያላችሁ፣ በድሃና፣ በጋዝጊብላ፣ በዝቋላ፣ በሳህላ፣ በአበርገሌና በጻግብጂ የምትከታተሉን አድማጮቻችን፣ የዛሬው ዝግጅታችን ከመንግሥት ዕቃ ፈርሞ ለተረከበ ሰው ሁሉ ነው። ለጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛዋ፣ ለሾፌሩ፣ ለርእሰ መምህሩ፣ ለግምጃ ቤት ኃላፊውና ለግብርና ባለሙያው። በእጃችን ያለው የመንግሥት ንብረት ሲጠፋ ዕዳው የማን ነው? ምን ያህል ይከፈላል? በምን መንገድ? የማይከፈልበትስ ጊዜ አለ?

የእነዚህ የዋግ ወረዳዎች ሰው ይህን ጥያቄ የሚጠይቅበት የራሱ ምክንያት አለው። ነሐሴ 2013 የሰሜኑ ጦርነት ሰቆጣ ደረሰ። ከተማዋ እስከ ታኅሣሥ 2014 ድረስ በትግራይ ኃይሎች እጅ ቆየች። ከተፈራ ኃይሉ መታሰቢያ ሆስፒታል ጀምሮ በየመሥሪያ ቤቱ የተዘረፈውንና የወደመውን እናንተ በዓይናችሁ አይታችሁታል፤ እኔ ልነግራችሁ አይገባኝም። አበርገሌና ጻግብጂ ላይ መከራው ከዚያም በኋላ ቀጠለ፤ ሕዝቡ ቀዬውን ለቆ ሰቆጣ ዙሪያና ወለህ ተጠልሎ ከረመ። ኮምፒውተሩ ሄደ። ሞተር ሳይክሉ ሄደ። የክትባት ማቀዝቀዣው ሄደ። በወረቀት ላይ ግን የትም አልሄዱም። የንብረት ካርዱ ከተረፈ፣ ዕቃው ዛሬም በአንድ ሰው ስም ተጽፎ ይገኛል። ያ ሰው ዝውውር ሲጠይቅ፣ ጡረታ ሲወጣ ወይም ሥራ ሲለቅ ክሊራንስ ሊያስፈርም ንብረት ክፍል ይሄዳል። እዚያ ሲደርስ «አለብህ» ይባላል።

ንብረት በሰው ስም እንዴት እንደሚመዘገብ እንጀምር፤ ብዙው ጭቅጭቅ የሚነሣው ከዚህ ነውና። ዕቃ ተገዝቶ ወይም በእርዳታ መጥቶ ግምጃ ቤት ሲገባ በሞዴል 19 ገቢ ይሆናል። የሚፈልገው ክፍል በሞዴል 20 ይጠይቃል፤ ሲፈቀድለት በሞዴል 22 ወጪ ሆኖ ይሰጠዋል። ሞዴል 22 ላይ የተረካቢው ፊርማ አለ። ወረቀትና ሳሙናን የመሰለው አላቂ ዕቃ ከሆነ ነገሩ እዚያ ላይ ያበቃል። ላፕቶፕ፣ ሞተር ሳይክል፣ ጠረጴዛና ወንበር ግን ቋሚ ንብረት ስለሆነ መለያ ቁጥር ይለጠፍበታል፤ በተጠቃሚውም ካርድ ላይ ይሰፍራል። የበጀት ዓመቱ ሰኔ 30 ሲዘጋ ቆጠራ ይደረጋል። ቆጣሪዎቹ ካርዱን ይዘው ይመጡና «ይህ ዕቃ የት አለ?» ብለው ይጠይቃሉ።

ታዲያ ያ ፊርማ ምን ያህል ይከብዳል? ሁለት ዓይነት ስሕተት ሰምቻለሁ። አንዳንዱ «የመንግሥት ነው፤ ማን ይጠይቀኛል» ብሎ ይፈርማል። ሌላው ደግሞ «ፈርሜያለሁና የመጣው ቢመጣ እኔው እከፍላለሁ» ብሎ አንገቱን ደፍቶ ይቀመጣል። ሁለቱም ሕጉን አያውቁም። የፌዴራሉ የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 515/1999 በዚህ ነገር ግልጽ ነበር። ሠራተኛው ለሥራው የተሰጠውን መሣሪያና ዕቃ በአግባቡ የመያዝና የመጠቀም ኃላፊነት አለበት፤ በዕቃው ላይ ለደረሰው ጥፋትና ጉዳት የሚጠየቀው ግን ሆን ብሎ ወይም በቸልተኝነት ያደረሰው ሲሆን ነው። ያ አዋጅ በኋላ በአዋጅ ቁጥር 1064/2010 ተተክቶ ነበር። ክልሎች ደግሞ የየራሳቸውን የሠራተኞች አዋጅ ያወጣሉ፤ የአማራ ክልልም የራሱ አለው። የዞንና የወረዳ ሠራተኛ የሚተዳደረው በክልሉ አዋጅ ስለሆነ የቅርብ ጊዜውን ከሰው ኃይል ክፍል ጠይቃችሁ አንብቡት። እኔ ግን አንዲቱን ሐሳብ እንድትይዙልኝ እፈልጋለሁ። ፊርማ መረከብን ያስረዳል፤ ጥፋትን ግን አያስረዳም። ዕቃው የት እንደደረሰ በቅድሚያ መናገር ያለበት የፈረመው ሰው ነው። ከዚያ በኋላ ቸልተኝነት ነበረ ወይስ አልነበረም የሚለው ተጣርቶ ይወሰናል። ሳይጣራ ከደመወዝ ላይ መቁረጥ አይገባም።

ቸልተኝነት ምንድን ነው? በምሳሌ እንየው። የእንስሳት ጤና ባለሙያው የመሥሪያ ቤቱን ሞተር ቁልፉን ሰክቶ ገበያ ዳር አቁሞ ሻይ ቤት ገባ፤ ሲወጣ ሞተሩ የለም። ይህ ቸልተኝነት ነው። ሞተሩን ለዘመድ ሠርግ አውሶት ቢሰበርም እንዲሁ፤ እንዲያውም ከዚያ ይከፋል። ሌላ እንመልከት። ላፕቶፑ በተቆለፈ ቢሮ ውስጥ፣ በተቆለፈ መሳቢያ ውስጥ ነበር፤ ሌሊት መስኮቱ ተገንጥሎ ተወሰደ። ባለ ካርዱ ማድረግ የሚገባውን አድርጓል። እዚህ ላይ ሌላ ጥያቄ ይነሣል። ጥበቃው በዚያ ሌሊት የት ነበር? መስኮቱስ መጀመሪያውኑ ደህና ነበር? ሠራተኛው «የመስኮቱ ፍርግርግ ተነቅሏል፤ ይሠራልኝ» ብሎ ከሦስት ወር በፊት ጽፎ ኃላፊው ዝም ብሎ ከሆነ፣ ጥፋቱ የሚፈለገው ከባለ ካርዱ ዘንድ አይደለም። አጣሪ ኮሚቴዎች ይህን ጥያቄ ወደ ላይ ለማንሣት ሲያፍሩ አያለሁ። ማፈር የለባቸውም። ታች ያለው ሠራተኛ ላይ መፍረድ ስለቀለለ ብቻ ሚዛን ሊያጋድል አይገባም።

ከሁሉ በላይ ሰውን ዕዳ ውስጥ የሚከተው ግን ሌብነትም ቸልተኝነትም አይደለም፤ በቃል መረካከብ ነው። ከአምደወርቅ ወደ ሰቆጣ የተዛወረ አንድ የግብርና ባለሙያ በሐሳባችሁ ሳሉ። ሲሄድ ካሜራውንና የመሬት መለኪያውን ለጓደኛው «ያዝልኝ፤ አንተ ትሠራበታለህ» ብሎ ሰጠው። በመካከላቸው መተማመን አለና ወረቀት የሚባል ነገር አልተነሣም። ጓደኛውም በተራው ተዛወረ፤ ለሌላ ሰጠ። ከአራት ዓመት በኋላ የመጀመሪያው ሰው ሥራ ሊለቅ ሲል ካሜራውም መለኪያውም በስሙ ተመዝግበው ቆዩት። ማንም አልሰረቀም፤ ማንም አልዋሸም። ግን ከሦስቱ ሰዎች አንዱ ብቻ ነው የፈረመው። እኔም በወጣትነቴ እንዲህ ያለ ነገር ደርሶብኛል፤ ያላየሁትን ዕቃ «ነገ ይመጣልሃል» ተብዬ ፈረምኩ፤ ዕቃው ሳይመጣ ቀረ። ከዚያ ጣጣ ለመውጣት ዓመት ተኩል ፈጅቶብኛል። ስለዚህ አብዝቼ እለምናችኋለሁ። ያላያችሁትን አትፈርሙ። የሰጣችሁትን በንብረት ክፍል በኩል ተመላሽ አድርጉ፤ አዲሱ ተረካቢ በራሱ ስም ይፈርም። ጓደኛ ጓደኛን በወረቀት ቢያስረክብ ፍቅር አይቀንስም።

ጥፋት መኖሩ ከተረጋገጠስ? እዚህ ላይ ሦስት ነገሮች ይምታታሉና ለይተን እንያቸው። አንደኛው የዲሲፕሊን ቅጣት ነው። በሠራተኞች አዋጅ ሆን ብሎ ወይም በቸልተኝነት በመንግሥት ንብረት ላይ ጉዳት ማድረስ ከከባድ ጥፋቶች ተርታ ይቆጠራል፤ እስከ ሦስት ወር ደመወዝ የሚደርስ መቀጮ፣ ከደረጃ ዝቅ መደረግ፣ ከሥራም መሰናበት ሊያስከትል ይችላል። ሁለተኛው የጠፋውን መተካት ነው፤ ይህ ቅጣት ሳይሆን ካሳ ነው። ሦስተኛው ወንጀል ነው። ንብረቱን ወስዶ የሰወረ ሰው በወንጀል ሕጉና በሙስና ወንጀሎች አዋጅ ቁጥር 881/2007 ይጠየቃል። ቸልተኛውንና ሌባውን አንድ ላይ መክሰስም፣ ሌባውን በመቀጮ ብቻ መሸኘትም ሁለቱም ፍርድ ማጉደል ነው።

ደመወዝ ላይ እንምጣ፤ ቤተሰብ የሚነካው እሱ ነውና። የመንግሥት ሠራተኛ ደመወዝ የሚቆረጠው በሦስት መንገድ ብቻ ነው። ሠራተኛው በጽሑፍ ሲስማማ፣ ፍርድ ቤት ሲያዝ፣ ወይም ሕግ ሲደነግግ። በፍርድ ቤት ትእዛዝ ወይም በሕግ የሚቆረጠው ደግሞ በወር ከደመወዙ አንድ ሦስተኛ መብለጥ የለበትም። ሒሳቡን እናስላው። የጠፋው ሞተር 90,000 ብር ተገመተ፤ ደመወዛችሁ 9,000 ብር ነው። በወር ሊቆረጥ የሚችለው ቢበዛ 3,000 ብር ነው፤ ሁለት ዓመት ተኩል ይፈጃል ማለት ነው። በገዛ እጃችሁ የስምምነት ወረቀት ከፈረማችሁ ግን ይህ የአንድ ሦስተኛ ጣሪያ የተጻፈው ለሌሎቹ ሁለት መንገዶች መሆኑን አስታውሱ። ስለዚህ «ፈርም፤ ነገሩ በሽምግልና ይለቅ» ሲሏችሁ ወረቀቱን ቤት ወስዳችሁ አንብቡት። የሚያነብላችሁ ሰው ፈልጉ። ደመወዜ ያለ አግባብ ተቆረጠብኝ የሚል ሠራተኛ በመጀመሪያ ለመሥሪያ ቤቱ ቅሬታ ሰሚ ያቀርባል፤ ካልረካ ወደ መንግሥት ሠራተኞች አስተዳደር ፍርድ ቤት ይግባኝ ይላል። የይግባኝ ቀን ገደብ ያልፋልና ውሳኔው በጽሑፍ የደረሳችሁን ቀን መዝግቡ።

ግምቱም ራሱ ሊጠየቅ ይገባል። ከስምንት ዓመት በፊት የተገዛ፣ ሁለት ጊዜ የተጠገነ ኮምፒውተር በዛሬ የአዲስ ኮምፒውተር ዋጋ ሲተመን ዝም አትበሉ። የተገዛበት ዋጋ ነው? እርጅናው ተቀንሶ የቀረው ዋጋ ነው? ወይስ የዛሬ ገበያ? የተሠራበትን ስሌትና የተመሠረተበትን መመሪያ በጽሑፍ ጠይቁ። ገንዘብ ያዦችና ግምጃ ቤት ኃላፊዎች ሲቀጠሩ ተያዥ የሚያቀርቡበት ልማድም ስላለ፣ ግምቱ ሲያብጥ ዕዳው እናትና ወንድም ድረስ እንደሚሄድ አጣሪዎቹ ያስቡበት።

(አጭር ሙዚቃ)

አሁን ወደ ጦርነቱ እንመለስ። የፍትሐ ብሔር ሕጋችን በ1952 ወጣ፤ ያረቀቁት ፈረንሳዊው ምሁር ሬኔ ዳቪድ ነበሩ። ሕጉ ስለ ውል በሚናገርበት ክፍል፣ ቁጥር 1792 ላይ፣ ከአቅም በላይ ስለሆነ ኃይል ይደነግጋል። ሰውየው በተለመደው አስተሳሰብ አስቀድሞ ሊያስበው የማይችል፣ ግዴታውንም ፈጽሞ እንዳይወጣ የሚከለክለው ነገር ማለት ነው። የሚቀጥለው ቁጥር፣ 1793፣ ምሳሌ ሲጠቅስ የመሬት መንቀጥቀጥን፣ መብረቅን፣ ጎርፍን፣ የውጭና የእርስ በርስ ጦርነትንም በስም ያነሣል። ድንጋጌው ስለ ውል የተጻፈ ነው። የመሥሪያ ቤት አጣሪ ኮሚቴ ሚዛኑን ከዚህ ቢወስድ ግን አይሳሳትም እላለሁ።

ሚዛኑን በአራት ሰዎች ላይ እንሞክረው። አንዲት አዋላጅ ነርስ ልጇን አዝላ ከሰቆጣ ወጣች፤ የክፍሏ ላፕቶፕ በተቆለፈ ቁም ሣጥን ውስጥ ቀረ፤ ተዘረፈ። ልጇን ጥላ ላፕቶፑን ታዝል ነበር የሚል ሰው ይኖራል ብዬ አላምንም። ዕዳ የለባትም። ሁለተኛው ባለሙያ ሞተሩን ከዘራፊ ላድነው ብሎ ነዳው፤ መንገድ ላይ በመሣሪያ አስገድደው ወሰዱበት። እሱም የለበትም፤ እንዲያውም ምስጋና ይገባዋል። ሦስተኛው ሞተሩን ይዞ ወጣ፤ በደረሰበት ከተማ ሸጦ «ተዘረፍኩ» አለ። ይህ ወንጀል ነው፤ የሌሎቹን ንጹሕ ቃል የሚያጠለሸውም እሱ ነው። አራተኛው በጣም የሚያሳስበኝ ነው። ዕቃው በእውነት ተዘርፎበታል። ጥፋት የለበትም። ታኅሣሥ 2014 ወደ ከተማው ተመልሶ ሥራውን ሲጀምር ግን ለማንም በጽሑፍ አላሳወቀም። «ሁሉም ያውቃል» ብሎ ተወው። በዚያን ጊዜ በእርግጥ ሁሉም ያውቅ ነበር። ኃላፊው ከተቀየረ፣ የንብረት ሠራተኛዋ ከተዛወረች፣ የዓይን ምስክሩ ሌላ አገር ከሄደ በኋላ ግን የሚያውቅ የለም፤ ካርዱ ብቻ አለ። በቃል ያለ ይረሳል የሚለው የአባቶች ቃል እንዲህ ያለውን ሰው ያዩ ሰዎች የተናገሩት ይመስለኛል።

ለዚህ ሰው መንገድ አለ። ዛሬም ይጻፍ። ዕቃው ምን እንደነበር ከነመለያ ቁጥሩ፣ መጨረሻ የታየበትን ቦታና ቀን፣ ያኔ ማን አብሮት እንደነበረ ይጻፍ። ሁለት ሦስት ምስክር ይፈርምበት። ያኔ የጉዳት ዝርዝር ተሠርቶ ከሆነ ቅጂው ይያያዝ። ደብዳቤው መዝገብ ቤት ቁጥር ተሰጥቶት ገቢ ይሁን፤ ማኅተም ያረፈበት ቅጂ ቤት ይቀመጥ። ኃላፊዎችም ስሙኝ። በጦርነት የጠፋውን ንብረት በአንድ ጥራዝ አጣርቶ፣ ሥልጣን ላለው አካል አቅርቦ ከመዝገብ ማሰረዝ የመሥሪያ ቤቱ ሥራ ነው። እያንዳንዱ ሠራተኛ ሥራ ሲለቅ ለብቻው እንዲከራከር መተው ተገቢ አይደለም። የተጣራለት ሰው «ነፃ ነህ» የሚል ደብዳቤ በእጁ ይሰጠው።

ሌላው ዓለምም በዚህ ጉዳይ ብዙ ተፈትኗል። በፈረንሳይ የመንግሥት ሒሳብ ያዥ ጉድለት በተገኘ ቁጥር፣ ጥፋት ይኑረው አይኑረው፣ ከኪሱ እንዲተካ የሚያስገድድ ረጅም ዘመን ያስቆጠረ ሥርዓት ነበር። እ.ኤ.አ. ከጃንዋሪ 1 ቀን 2023 ጀምሮ ያ ሥርዓት ቀርቷል፤ አሁን የሚጠየቀው ከባድ ጥፋት ፈጽሞ ጉልህ ጉዳት ያደረሰው ነው። በአሜሪካ ጦር ደግሞ ዕቃ ሲጠፋ አጣሪ መኮንን ይሰየማል። አራት ነገሮችን ያረጋግጣል። ዕቃው በእርግጥ ጠፍቷል? ሰውየው የመጠበቅ ግዴታ ነበረበት? ቸልተኛ ነበር? የጠፋውስ በዚያ ቸልተኝነት ምክንያት ነው? አራቱም ቢሟሉ እንኳ አብዛኛውን ጊዜ የሚከፍለው ከአንድ ወር መነሻ ደመወዙ አይበልጥም። እኛ ያ የአንድ ወር ጣሪያ ባይኖረንም እነዚያን አራት ጥያቄዎች ግን እያንዳንዱ ወረዳ ነገ ሊጠይቃቸው ይችላል፤ ገንዘብ አያስወጡም። በተለይ አራተኛው። ሠራተኛው ካርዱን ሳያድስ ቀርቶ ይሆናል፤ ዕቃው የጠፋው ግን በእሳት ነው። ካርድ አለማደስ ዕቃ አላቃጠለም።

ይህን ሁሉ ስናገር ለሠራተኛው ብቻ ያደላሁ እንዳይመስላችሁ። ሐምሌ 2007 በዚህች ከተማ ስም የተጠራው የሰቆጣ ቃል ኪዳን ታውጇል፤ ከሁለት ዓመት በታች ያሉ ሕፃናትን መቀንጨር እ.ኤ.አ. በ2030 ለማስቀረት። የቀነጨረ ሕፃን የሚታወቀው በሚዛንና በቁመት መለኪያ ነው። ጤና ኬላ ላይ ሚዛኗ ጠፍታ «ምን አገባኝ» ከተባለ፣ ልጇን አዝላ ሁለት ሰዓት ተጉዛ የመጣች እናት ሳይመዘንላት ትመለሳለች። ሞተሩ ከጠፋ የእንስሳት ክትባት መድኃኒት ከወረዳ ከተማ ቆላው ድረስ አይደርስም፤ ፍየሉ ያልቃል፤ በዋግ ደግሞ ፍየል የቤቱ ባንክ ነው። ከአገር ካዝና ወጥቶ ይህን ዳገትና ገደል አልፎ የመጣ ዕቃ በቀላሉ አይተካም። በዝርፊያ ብዙ ባጣ ዞን ውስጥ የተረፈችውን አንዲት ሚዛን መጠበቅ ትልቅ አደራ ነው። ቸልተኛው ይክፈል፤ ይገባዋል። ያላጠፋው ደግሞ ባልሠራው ጥፋት ልጆቹ አይራቡ።

አድማጮቼ፣ ነገ ጠዋት ቢሮ ስትገቡ አንድ ነገር አድርጉልኝ። ንብረት ክፍል ሂዱና «በስሜ ያለውን ካርድ አሳዩኝ» በሉ። ከእጃችሁ ካለው ዕቃ ጋር በመለያ ቁጥሩ አንድ በአንድ አመሳክሩት። ለሌላ ሰው ሰጥታችሁት ከሆነ በሞዴል አስተላልፉት፤ ተዘርፎ ወይም ጠፍቶ ከሆነ በዚያው ቀን ጽፋችሁ መዝገብ ቤት አስገቡ። የሰኔ 30ን ቆጠራ አትጠብቁ።



(የመዝጊያ ሙዚቃ)